የምክር ዓምድ፦ ለጣና ጀልባ የሚሆን ካሜራ የቱ ነው?

ጥያቄ፦ «ጤና ይስጥልኝ ጋሼ። የባሕር ዳር ልጅ ነኝ፤ 24 ዓመቴ ነው። አጎቴ ጀልባ አለው። ቅዳሜና እሁድ እንግዳ ይዘን ዘጌ እንሄዳለን፤ አስጎብኚዋ እኔ ነኝ። በሌላው ቀን የምንቀሳቀሰው በሳይክል ነው። የማየውን እየቀረጽኩ ቲክቶክና ዩቲዩብ ላይ ልልቀቅ ብዬ፣ አክሽን ካሜራ የሚሉትን፣ እየተንቀሳቀሱ የሚቀርጹበትን ትንሽ ካሜራ፣ መግዣ ብር አጠራቅሜያለሁ። 250 ዶላር ገደማ ይሆናል። አንድ ሱቅ አዲስ ‹4ኬ› ካሜራ ከነሙሉ ዕቃው፣ 30 ሜትር ውሃ ውስጥ የሚገባ፣ በዚህ ብር ሲሶ እሰጥሻለሁ ብሎኛል። ወንድሜ ደግሞ ዱባይ ነው፤ ለእንቁጣጣሽ ይመጣል። ‹የምትፈልጊውን ንገሪኝና ላምጣልሽ› ይለኛል። አንዷ ጓደኛዬ ስልክሽ ይበቃሻል ትላለች። ሌላዋ ድሮን ነው የሚያዋጣሽ ትላለች። ስለ ካሜራ ምንም አላውቅም፤ ግራ ገባኝ። — የጣና ዳሯ»

መልስ፦ እህቴ፣ መጀመሪያ የሱቁን ካሜራ ተይው። ሌላውን ቀስ ብለን እናወራዋለን፤ ይህኛው ግን ብርሽ ከእጅሽ ሳይወጣ መባል ስላለበት ነው።

የካሜራውን ስም አልጻፍሽልኝም። ዓይነቱን ግን አውቀዋለሁ። ካርቶኑ ትልቅ ነው። ውስጡ የሄልሜት ማሰሪያ፣ የሳይክል ማሰሪያ፣ የደረት ማሰሪያ፣ ለምን እንደሆነ የማይታወቅ ብዙ ፕላስቲክ አለ። ካርቶኑ ላይ «4ኬ»፣ ማለትም በጣም የጠራ ምስል፣ የሚለው በትልቁ ተጽፏል። ውስጥ ያለችው ሴንሰር፣ ብርሃኑን ተቀብላ ምስሉን የምታነሳዋ፣ ግን ብዙ ጊዜ 4ኬ የማንሳት አቅም የላትም። ያነሳችው ትንሽ ምስል በሶፍትዌር ተለጥጦ ነው 4ኬ የሚባለው። ፋይሉ ይገዝፋል፣ ምስሉ አይጠራም። ሚሞሪሽ ቶሎ ከመሙላቱ በቀር የምታተርፊው ነገር የለም። 30 ሜትር የተባለውም የካሜራው አቅም ሳይሆን የፕላስቲክ ቤቱ ነው። ካሜራውን ከቤቱ ካወጣሽው የጀልባ ርጭት ራሱ ሊገድለው ይችላል። ከነቤቱ ስትቀርጪ ደግሞ ብርድ ልብስ ተከናንበሽ የምታወሪ ነው የሚመስለው።

የባሰው ጉድለት ግን የምስል ማረጋጊያው ነው፤ ስታቢላይዜሽን የሚሉት። ርካሾቹ ሜኑ ውስጥ ስሙ ተጽፎ ታገኚዋለሽ። 4ኬ ላይ ስታደርጊው ከሜኑው ይጠፋል፣ ወይም በርቶ ምንም አይሠራም። እንዳያማህ ጥራው እንዳይበላ ግፋው ነው ነገሩ።

አክሽን ካሜራ እኮ ሰው የሚገዛው በዋናነት ለዚህ ነው። እየተንቀሳቀስሽ የቀረጽሽውን ሌላው ሰው ራሱን ሳያዞረው እንዲያየው። አጎትሽ ጀልባ ላይ ሞተሩ ያንቀጠቅጣል፣ ከሰዓት በኋላ ነፋስ ሲነሳ ማዕበሉ ያነሳል ይጥላል። ሳይክል ላይ ኮብልስቶኑ አለ። ደህናዎቹ ካሜራዎች ውስጥ እንቅስቃሴን የሚለካ ጋይሮ የሚባል ነገር አለ። ካሜራው የምስሉን ዳር ዳር ለመጠባበቂያ ይቆጥባል፤ እጅሽ ወደ ግራ ሲወረወር ምስሉን በዚያው ልክ ወደ ቀኝ ይመልሰዋል። ጎፕሮ የሚባለው የካሜራ ኩባንያ ይህን ጉዳይ የምር ያሳመረው በፈረንጆቹ 2018 በወጣው ሂሮ 7 ብላክ ነው፤ ሃይፐርስሙዝ ብሎ ሰየመው። ተፎካካሪው ዲጄአይ በ2019 የመጀመሪያውን ኦስሞ አክሽን ሲያወጣ ሮክስቴዲ ያለውን ይዞ መጣ። ከእነዚህ በፊት የነበረ ካሜራ በስጦታ ካልሆነ አትቀበዪ። የቱንም ካሜራ ስትፈትኚ በእጅሽ ይዘሽ ፈጠን ፈጠን እያልሽ ተራመጂ፣ ከዚያ ቪዲዮውን ላፕቶፕ ላይ እዪው። የካሜራው ስክሪን ትንሽ ስለሆነ ሁሉንም አሳምሮ ነው የሚያሳይሽ። ሻጩ «ላፕቶፕ የለኝም» ካለሽ የራስሽን ይዘሽ ሂጂ። እንቢ ካለ መልሱን አገኘሽ።

ስልክሽ ይበቃሻል ያለችሽ ጓደኛሽ ግማሽ እውነት አላት። ደህና ስልክ ካለሽ ቆመሽ የምታወሪውን፣ ምግቡን፣ ማታ ማታ ከተማውን፣ የሰው ፊት ቀረብ አድርገሽ የምታነሺውን ሁሉ ከአክሽን ካሜራ አሳምሮ ያነሳልሻል። አክሽን ካሜራ ዙም የሚባል ነገር ላይ ደካማ ነው፤ ጨለማም አይወድም። የሚበልጠው ስልክ የማትደፍሪበት ቦታ ላይ ነው። ውሃ የሚረጭበት፣ ሁለት እጅሽ የተያዘበት፣ ቢወድቅ የምትደነግጪበት። የአንቺ ሥራ ጀልባና ሳይክል ስለሆነ መግዛትሽን እደግፋለሁ። ካፌ ተቀምጬ ላውራ ብትዪኝ ኖሮ ብርሽን ለማይክ አውዪው ነበር የምልሽ።

ወደ ምርጫው እንምጣ። ለአንቺ የምመርጠው ዲጄአይ ኦስሞ አክሽን 4ን ነው። በ2023 ነው የወጣው፤ ያኔ 399 ዶላር ነበር። በ2024 አክሽን 5 ፕሮ ስለተከተለው ዋጋው ወርዷል። ወንድምሽ ዞር ዞር ብሎ ከጠየቀ፣ አዲስ እንኳ ባይሆን ንጹሕ ያገለገለ በብርሽ ያገኛል ብዬ አስባለሁ። ለምን እሱን? አንደኛ፣ ሴንሰሩ በጊዜው ከነበሩት ጎፕሮዎች ይሰፋል። ሰፊ ሴንሰር ብርሃን ሲያንስ ይጠቅማል፤ ማለዳ ጀልባ ስትነሡና የዘጌ ጫካ ውስጥ ስትገቡ የምትፈልጊው ይህንን ነው። ሁለተኛ፣ ማሰሪያው በማግኔት ነው የሚያያዘው። ከጀልባው ነቅለሽ ሳይክሉ ላይ ለማድረግ ቡሎን ስታጠብቂና ስትፈቺ አትውዪም። ሦስተኛ፣ ከፊትም ስክሪን አለው። እንግዳ እያስጎበኘሽ ራስሽን ስትቀርጪ ፊትሽ መግባቱን ታያለሽ።

ጎፕሮ ካልሆነ እሺ አልልም ካልሽ ሂሮ 11 ወይም ሂሮ 12 ጥሩ ናቸው፤ ዋጋቸው ሲወርድ ያገለገለ ማግኘት አይከብድም። በ2024 የወጣችው ትንሿ፣ ቁጥር የሌላት «ሂሮ» 199 ዶላር ነው የወጣችው። 86 ግራም ናት፣ ታምራለች፣ ኪስሽን አትጎዳም። ግን ባትሪዋ አይወጣም። ጠዋት ወደብ ተነስቶ ከሰዓት ለሚመለስ ሰው ይህ ትልቅ ነገር ነው። ባትሪዋ ዘጌ፣ ዑራ ኪዳነ ምሕረት ገዳም ላይ ካለቀ የመልሱን መንገድ በዓይንሽ ብቻ ነው የምታዪው።

ዙሪያውን የሚያነሱትን፣ እንደ ኢንስታ360 ኤክስ ዓይነቶቹን ደግሞ ለጊዜው ዝለያቸው። ክፉ ሆነው አይደለም። ከቀረጽሽ በኋላ ኮምፒውተር ላይ ቁጭ ብሎ የትኛው አቅጣጫ ይታይ እያሉ መምረጥ አለ። ለጀማሪ ያታክታል። ሌንሳቸውም በሁለቱም በኩል ወጣ ያለ ስለሆነ ለጭረት የተጋለጠ ነው።

አሁን ስለ ውሃው። ሻጮች «ይህኛው 10 ሜትር፣ ያኛው 18 ሜትር፣ አዲሱ 20 ሜትር» እያሉ ዋጋ ይጨምሩብሻል። ጣና ጥልቅ የሚባለው ቦታው ላይ ራሱ 14 ሜትር ገደማ ነው። አንቺ ደግሞ ጠላቂ አይደለሽም። ከክረምት በኋላ ውሃው ደለል ስለሚይዝ እጅሽን እንኳ ክርን ድረስ አስገብተሽ ጣትሽን አታዪውም። ውሃ ውስጥ የሚያምር ነገር እቀርጻለሁ ብለሽ አትጨነቂ። ዳር ዳሩን ገብተሽ አትቁሚም፤ ብልሃርዚያ አለ።

ጣና ላይ ካሜራ የሚያጠፋው ጥልቀቱ ሳይሆን መውደቁ ነው። አክሽን ካሜራ አይንሳፈፍም። ከእጅሽ ካመለጠ ጭቃው ላይ ያርፋል፤ 20 ሜትር ይችላል ተብሎ የተጻፈለት ካሜራ እዚያው ተቀምጦ እየቀረጸ ባትሪውን ይጨርሳል። ስለዚህ ከካሜራው ቀጥሎ የምትገዢው ተንሳፋፊ እጀታ ነው። ወፍራም፣ ብዙውን ጊዜ ብርቱካናማ ወይም ቢጫ ነው፤ ካሜራውን ይዞ ውሃው ላይ ይቀራል። ርካሽ ነው። ካሜራውን አስረሽበት በባልዲ ውሃ ሞክሪው። ካሜራሽ ከከበደው አብሮ ይሰምጣልና። የእጅ ገመዱንም አትናቂው።

ጀልባው ላይ በማጣበቂያ የምታስሪ ከሆነ ደግሞ ቦታውን አጥበሽ፣ አድርቀሽ፣ ከጉዞው አንድ ቀን ቀድመሽ ለጥፊው። ማጣበቂያው ጉልበት የሚያገኘው 24 ሰዓት ያህል ሲያድር ነው። ጠዋት ለጥፎ ጠዋት መሄድ ካሜራን ለጣና መገበር ነው። የቀለም ልጣጭ ያለበት ወይም ሻካራ እንጨት ላይ ጭራሽ አይይዝም። ደህና የያዘ ቢመስልሽም ቀጭን ሲባጎ በካሜራው ማሰሪያ አሳልፈሽ ከጀልባው ጋር ቋጥሪው። በደንገል የተሠራ ታንኳ ላይ ከወጣሽ ምንም ነገር ለመለጠፍ አትሞክሪ፤ በእጅሽ ያዢው።

ከሁሉ በላይ ልብ እንድትዪው የምፈልገው የባትሪውን በር ነው። ውሃ የሚገባው በዚያ ነው። በሩን ክፈችና ውስጥ ዙሪያውን ያለችውን ቀጭን ጎማ እያት። አንዲት የአሸዋ ቅንጣት፣ አንዲት የፀጉር ዘለላ፣ ከነጠላሽ የወጣ ክር ጎማዋ ላይ ካረፈ በሩ የተዘጋ ይመስላል እንጂ አልተዘጋም። በጣትሽ ጫፍ ዙሪያዋን ዳሰስ አድርጊ፣ እፍ በዪበት፣ ከዚያ ቀጭ ሲል እስክትሰሚ ግፊው። አንዳንዶቹ ካሜራዎች ላይ በሩ በትክክል ካልገጠመ ቀይ ወይም ብርቱካናማ ምልክት ብቅ ይላል። ባትሪ ስትቀይሪ ጀልባው መሃል፣ በረጠበ እጅ አይሁን። ወደ ቤት ስትመለሺም በንጹሕ ውሃ አለቅልቀሽ፣ በጨርቅ አድርቀሽ፣ ከዚያ ነው በሩ የሚከፈተው። ብዙ ሰው ቅደም ተከተሉን ይገለብጠዋል።

ማለዳ ቀዝቀዝ ሲል ሌንሱ ከውስጥ ጉም ሊለብስ ይችላል። በሩን ስትዘጊ የገባው እርጥብ አየር ነው። ማታ ደረቅ ክፍል ውስጥ ዘግተሽ አሳድሪው። ከውጭ የሚቀመጠው የውሃ ጠብታ ግን ያንቺ ጉዳይ ነው። ጠብታ ሌንሱ መሃል ላይ ተቀምጦ ግማሽ ሰዓት ቪዲዮ ያበላሻል፣ አንቺ ደግሞ አታዪውም። ደረቅ የመነጽር ጨርቅ ኪስሽ ውስጥ ይኑር። ስክሪኑም ሲረጥብ ጣትሽን አይሰማም፤ ከላይ ያለችውን ቁልፍ አንዴ ስትጫኚ በርቶ መቅረጽ እንዲጀምር አድርገሽ አስተካክዪው።

ሚሞሪው ላይ አትሰስቺ። ማይክሮ ኤስዲ ካርዱ ላይ «ቪ30» የሚል ምልክት ፈልጊ። በሰከንድ ቢያንስ 30 ሜጋባይት ይጽፋል ማለት ነው። ከዚያ በታች ከሆነ ካሜራው መሃል ላይ ሊያቆም ይችላል። 64 ወይም 128 ጊጋ ይበቃሻል። ገበያው ላይ ፎርጂዱ ብዙ ነው። 128 የተጻፈበት ካርድ ውስጡ 16 ሆኖ ይገኛል። ክፋቱ መጀመሪያ ላይ አይታወቅም፤ ሲሞላ ነው በፊት ያነሳሽው የሚጠፋው። አዲስ ካርድ ስትገዢ መጀመሪያ ኮምፒውተር ላይ እስኪሞላ ድረስ ፊልም ገልብጪበት። ከዚያ የመጀመሪያውንም የመጨረሻውንም ፋይል ክፈቺ። ሁለቱም ካጫወቱ ኦርጅናል ነው ብለሽ እመኚው። ይህን ሳታደርጊ እንግዳ ይዘሽ እንዳትወጪ።

ባትሪን በተመለከተ ካርቶኑ ላይ የተጻፈውን ደቂቃ እመኚ አልልሽም። ለአክሽን 4 ዲጄአይ 160 ደቂቃ ይላል። ያ የተለካው ስክሪን ጠፍቶ፣ ማረጋጊያው ጠፍቶ፣ በ1080፣ ማለትም ከ4ኬ ባነሰ ጥራት ነው። አንቺ 4ኬ፣ ማረጋጊያው በርቶ፣ ስክሪኑን እያየሽ ስትቀርጪ ከግማሹ ብዙም የማይበልጥ አድርገሽ ቁጠሪው። ሁለተኛ ባትሪ የግድ ነው። መብራት ሲጠፋ ደግሞ ፓወር ባንክ አለ። ካሜራው ጀልባው ቆሞ ፀሐይ ላይ ከተተወ ይሞቅና ራሱን ያጠፋል። ሲጓዝ ነፋሱ ስለሚያቀዘቅዘው ደህና ነው። ስትቆሙ አጥፍተሽ ጥላ ውስጥ አስገቢው።

እውነቱን ለመናገር ሁልጊዜ 4ኬ አያስፈልግሽም። ተመልካችሽ በስልክ ነው የሚያይሽ። በሰከንድ 60 ሜጋቢት የሚቀዳ 4ኬ በሰዓት 27 ጊጋ ይበላል። ያንን ለመጫን የዳታ ብሩን አስቢው። የጉዞውን ብዙውን በ1080 አንሺ፤ ቆይቼ እቆርጠዋለሁ የምትዪውን፣ የሚያምረውን ብቻ በ4ኬ። ጭስ ዓባይ ስትሄጂ ደግሞ በሰከንድ 120 ምስል ሞክሪ። በ30 ስታጫውቺው አራት እጥፍ ይዘገያል፤ ውሃው ሲወድቅ የሚያስደስተው ያኔ ነው። ወንድምሽ በሚመጣበት ሰሞን ፏፏቴው ሙሉ ስለሚሆን ጊዜው ገጥሞልሻል።

አንድ ሰው የማይነግርሽ ሴቲንግ አለ። «አንቲ ፍሊከር» ይባላል። ብዙ ካሜራ ከፋብሪካ ሲወጣ 60 ኸርዝ ላይ ነው። የእኛ ኤሌክትሪክ 50 ኸርዝ ነው። ሳትቀይሪው መብራት ባለበት ቤት ውስጥ ስትቀርጪ ምስሉ ላይ የሚሮጥ ጥቁር መስመር ታያለሽ። 50 ላይ አድርጊው፤ ከዚያ በኋላ ቤት ውስጥ የምትመርጪው 25 ወይም 50 ምስል በሰከንድ ይሆናል። በቃ፣ አንዴ ነው።

ሐይቅ ላይ የሚቀርጽ ሰው የሚጋለጥበት ነገር ደግሞ አድማሱ ነው። ከተማ ውስጥ ካሜራሽ ትንሽ ቢያዘም ማንም አያስተውልም። ጣና ላይ ግን ውሃውና ሰማዩ የሚገናኙበት መስመር ከዳር እስከ ዳር ተዘርግቷል። ካሜራው በአንድ ጣት ካዘመመ ሐይቁ በአንድ በኩል የሚፈስ ይመስላል። ካሜራው ላይ አድማሱን የሚያስተካክል ሴቲንግ አለ፤ ጀልባው ላይ አብሪው። ሰፊው እይታ መስመሩን ስለሚያጎብጠው «ሊኒየር» ወይም ቀጥ ያለ የሚያሳየውን እይታ ምረጪ። ሰፊውን ለሳይክል አስቀሪው፤ መንገዱ ላይ ፍጥነትሽን የሚያሳየው እሱ ነው።

ስለ ጉማሬው ልቆጣሽ ነው፤ ገና ሳታጠፊ። ሰፊ ሌንስ ሁሉንም ያርቃል። ዓባይ ከሐይቁ የሚወጣበት አካባቢ ጉማሬ ስታዪ ዓይንሽ የሚያየው ትልቅ ራስ ነው፣ ቪዲዮው ላይ ግን ጥቁር ነጥብ። ሰው ታዲያ «አጎቴ፣ ትንሽ ጠጋ በል» ይላል። ትንሽ፣ ሌላ ትንሽ። ጉማሬ ጀልባ የሚገለብጥ እንስሳ ነው። ለጉማሬና ለወፍ የስልክሽን ዙም ተጠቀሚ፣ አጎትሽም ባለበት ይቁም።

ገዳማቱ ውስጥ ደግሞ ጨለማው ይፈትንሻል። ዑራ ኪዳነ ምሕረት የመቅደሱ ግድግዳ ሥዕል የሚያገኘው ብርሃን በበሮቹ የሚገባውን ነው። እየተራመድሽ ከቀረጽሽ ማረጋጊያው ራሱ ምስሉን ያደበዝዘዋል፤ ብርሃን ሲያንስ ካሜራው ቀስ ብሎ ስለሚያነሳ ነው። ማረጋጊያውን አጥፊ፣ ካሜራውን ትንሽ ስታንድ ላይ አስቀምጪ፣ አስር አስር ሰከንድ ሳትነኪው ይቅረጽ። ተጨማሪ መብራት በሥዕሉ ላይ አታብሪ። መጀመሪያ ግን አባቶችን አስፈቅጂ፤ ለቪዲዮ ካሜራ ለብቻው የሚያስከፍሉም አሉ፣ ይህን አንቺ ከእኔ ታውቂዋለሽ። ክብራን ገብርኤልና ዳጋ እስጢፋኖስ ሴት ስለማይገባ ከጀልባው ነው የምትቀርጪው። ካሜራውን ለወንድ እንግዳ አስይዘሽ ልቅረጽ ካልሽም ፈቃዱን እሱ ይጠይቅ። ከተማ ውስጥም ጥበቃ የቆመበት ቦታ ስትደርሺ ካሜራውን ከሳይክሉ ላይ አውርጂው። ደረት ላይ የታሰረ ካሜራ ሰው ያስደነግጣል፤ ለምን ነገር ትፈልጊያለሽ።

ድምፅሽን በተመለከተ፣ ሞተር ካለበት ጀልባ ላይ የካሜራው ማይክ አያዋጣም። ማይክ ለመግዛት ግን አትቸኩዪ። የስልክሽን ኢርፎን ከነጠላሽ ሥር ከደረትሽ ጋር አያይዢው፣ ስልኩ ላይ ድምፅ መቅጃ ክፈቺ፣ ሁለቱም ሲቀርጹ አንዴ አጨብጭቢ። በኋላ ካፕካት በሚባለው የቪዲዮ መቁረጫ አፕ ላይ የጭብጨባውን ድምፅ ከምስሉ ጋር ታገጣጥሚዋለሽ። ነጠላው ነፋሱንም ይከላከልልሻል።

ወንድምሽን በተመለከተ ሦስት ነገር ንገሪው። አንዱ፣ የዲጄአይ ካሜራ መጀመሪያ ሲከፈት በስልክ አፕና በኢንተርኔት ካልነቃ አይሠራም። እዚያው ሳለ አክቲቬት አድርጎ፣ ሶፍትዌሩን አድሶ፣ አምስት ደቂቃ ቀርጾበት ያምጣው። ችግር ካለው መመለስ የሚችለው እዚያ ሲሆን ነው። ሌላው፣ ያገለገለ ከሆነ የባትሪውን በር ጎማ፣ የሌንሱን ጭረትና ባትሪው አለማበጡን ይይ። ጎፕሮ ከሆነ ከሂሮ 9 ጀምሮ ያሉት የሌንስ መሸፈኛቸው ሲጫር ይቀየራል፤ የሂሮ 8 ግን አይቀየርም። ሦስተኛው፣ መለዋወጫ ባትሪዎቹን በእጅ ሻንጣው ይያዝ። ለብቻው የተያዘ ሊትየም ባትሪ በሚጫን ሻንጣ ውስጥ አይፈቀድም።

ብርሽ ካሜራውንና ሁለተኛ ባትሪውን፣ ካርዱንና ተንሳፋፊውን አንድ ላይ ካልቻለ ካሜራውን በአንድ ደረጃ አውርጂው። በ2022 የወጣው አክሽን 3 ይበቃሻል፤ ማግኔቱም 16 ሜትሩም አለው። ካሜራውን አስበልጠሽ ካርዱን ከፎርጂድ ሱቅ እንዳታሟዪ።

ድሮን ያለችሽ ጓደኛሽ ደግሞ ለወንድምሽ ችግር እየገዛችለት ነው። እዚህ አገር ድሮን ያለ ፈቃድ አይገባም፣ ያለ ፈቃድም አይበርም። ኤርፖርት ላይ ይያዝበታል። ይህን ለወንድምሽ ዛሬውኑ ጻፊለት፤ ሰርፕራይዝ ላድርጋት ብሎ ገዝቶ እንዳይጠብቅሽ።